ከምሳ በኋላ የሚያሸንፉ ጄኔራሎች

አንድ ጄኔራል ነበረ፤ ጀርመናዊ፣ የተሸነፈ።

ጥያቄህን አልረሳሁም ፈንታሁን። «የተሸነፉት የጀርመን ጄኔራሎች የጻፉትን አነበብኩ፤ ጥፋቱ የመሪያችን ነው፣ እኛማ አውቀን ነበር ይላሉ። ይህን ሁሉ ካወቁ ታዲያ እንዴት ተሸነፉ?» ነው ያልከኝ። መልሱን ራሴ ፈጥሬ በማመጣልህ በዚህ ሰውዬ በኩል ስማው።

ይህ ጄኔራል ጦርነቱ ሲያልቅ ተማረከና ባሕር አሻግረው በድል አድራጊዎቹ አገር፣ ሰፊ ግቢ ባለው አሮጌ ቤት አስቀመጡት። ብቻውን አልነበረም። ቤቱ ጄኔራል በጄኔራል ነበር። ደረጃው ላይ የምትገፋው ጄኔራል ነው፤ መታጠቢያ ቤቱ በር ላይ ወረፋ የሚጠብቀውም ጄኔራል ነው። የሚያዙት ወታደር ግን አንድም የለም። ሥራ መፍታት ሲያስጨንቃቸው፣ ከምሳ በኋላ ትልቁን የምግብ ጠረጴዛ እያጸዱ ጦርነቱን እንደገና ይዋጉት ጀመር። በአገራቸው መኮንን የሚሠለጥነው እንዲሁ ነው፤ ጠረጴዛ ላይ ጦር እየገፋ፣ አንዴ አዛዥ አንዴ ጠላት እየሆነ። እዚህ የሚገፋ ነገር ስላጡ ክፍለ ጦሩ ድንች ሆነ፣ ጠላት ባቄላ ሆነ፣ ወንዙ ፎጣ ሆነ።

በድንቹማ ማን ይችላቸው! በየቀኑ ያሸንፋሉ። አንዱ «እዚህ ጋ መሪያችን ባይከለክለኝ ኖሮ» ብሎ ድንቹን ሲገፋ ባቄላው ይበታተናል። ሌላው «እኔ እኮ ያኔውኑ ታይቶኝ ነበር» ይላል። ሁሉም ታይቷቸው ነበር። የሰው አገር ለምን ወረርን፣ ያ ሁሉ ንጹሕ ሰው ለምን ተፈጀ ብሎ የተቆጨ ግን አንድ እንኳ አልነበረም። የሚያንገበግባቸው ጦርነቱ መጀመሩ ሳይሆን መበላሸቱ ነው። መሪው ደግሞ ሞቷል፤ መልስ አይሰጥም። እንደሱ ያለ የሚመች ጥፋተኛ ከየት ይገኛል? ሲመሽ ምግብ አብሳዩ ይመጣና አሸናፊውን ጦር ሰብስቦ ለእራት ይቀቅለዋል።

የእኛው ጄኔራል ድንች በመግፋት የሚስተካከለው አልነበረም። ምክንያት ነበረው። ጦሩ አንድ ወንዝ ዳር ሊከበብ ሲል መሪው «ንቅንቅ እንዳትሉ» ብሎ አዘዘ፤ ጦሩም ተከቦ አለቀ። ካለቁት አንዱ የገዛ ወንድ ልጁ ነበር፤ ገና ጢም በቅጡ ያላወጣ ወታደር። አሁን ሴት ልጁ ፈቃድ አግኝታ በማግስቱ ልትጠይቀው ልትመጣ ነው። ከዘመድ የቀረችው እሷ ብቻ ናት። ወንድሜ ለምን ሞተ እንደምትለው ያውቃል፤ መልሱንም አዘጋጅቷል። «መሪው አልሰማኝም» ሊላት ነው። መስተዋት ፊት ቆሞ ተለማምዶታል፣ ድምፁን አንዴ ከፍ አንዴ ዝቅ እያደረገ። ዝቅ ሲያደርገው ያምርበታል። ግን ባታምነኝስ እያለ እንደገና ይለማመደዋል፤ ካላመነችው ከእንግዲህ አባቴ የሚለው ሰው የለም።

የዚያን ቀን ከምሳ በኋላ ተራው የወንዙ ውጊያ ሆነ። እስከዚያ ድረስ የመሪውን ወንበር ባዶ ትተው ነበር የሚጫወቱት። አንዱ ሥርዓት ወዳድ ግን «ደንቡ አልተሟላም፤ መሪውን የሚሆን ሰው ያስፈልጋል» አለ። ማን ይሁን? አንዱን ጉልበቱን አመመው፤ አንዱ መነጽሩ ጠፋበት፤ በማዕረግ ሁሉንም የሚበልጠው ፊልድ ማርሻል ተቀምጦ ሳለ እንቅልፍ ወሰደው። ዕጣ ተጣለ፤ ለእኛው ጄኔራል ወጣ።

ጄኔራሉ ከጠረጴዛው ራስ ተቀመጠ። እንደ ሟቹ ፊቱን አጨፈገገና ጠረጴዛውን በቡጢ ነርቶ፣ «ከወንዙ ማንም ንቅንቅ አይልም!» ብሎ ጮኸ። ባቄላው ዘለለ። ቀልዱን ነው። አሁን ሁሉም ይጮሁብኛል፣ ያኔ ያሉትን ይደግሙታል፣ እኔም እረታና እንስቃለን ብሎ ጠበቀ።

የሰማው የተረከዝ ድምፅ ነው። የቤት ጫማ ያደረጉት ሳይቀሩ ተረከዛቸውን አጋጭተው ቀጥ አሉ። «ታዛዥ ነን ጌታዬ!»

ጄኔራሉ ግራ ገባው። «እንግዲያው ድንቹን ሁሉ ወንዙ ውስጥ ክተቱት» አለ። ከተቱት። ፎጣው በድንች ተሞላ፤ ባቄላው ዙሪያውን ከበበው። «ፊልድ ማርሻል፣ እባክዎ፣ እርስዎስ ምን ይላሉ?» አለ እየለመነ። ፊልድ ማርሻሉ ከእንቅልፉ ባንኖ ተነሣና፣ ምን እንደተባለ ሳይሰማ «ድንቅ ዕቅድ ነው ጌታዬ!» አለ።

ጄኔራሉ ወንበሩን ገልብጦ ብድግ አለ። «ኧረ በፈጠራችሁ፣ አንዳችሁ እምቢ በሉኝ!»

እርስ በርሳቸው ተያዩ። አንዱ ወደ ጎረቤቱ ጎንበስ ብሎ፣ «ይሄ ትእዛዝ ነው?» ሲል ጠየቀ።

ያኔ ጄኔራሉ የሸሸው ነገር መጣበት። ጦሩ ሳይከበብ በፊት በአውሮፕላን መሪው ዘንድ ሄዶ ነበር። ጦሬን ላውጣ፣ ልጆቹ ማለቃቸው ነው ሊል ነበር የሄደው። ገባ፤ የመሪውን ፊት አየ። ተረከዙን አጋጨ። ምሳ ብላ ተባለ፣ በላ፤ ሾርባውንም አመስግኖ ተመለሰ። መሪው አልሰማኝም ማለቱ እንግዲህ ውሸት አልነበረም። ያልተነገረውን ማን ይሰማል?

በማግስቱ ልጅቱ መጣች። ለምን ሞተ ትለኛለች ብሎ ሲጠብቅ፣ ገና ሳትቀመጥ፣ «አባባ፣ ለመሪው ነግረኸው ነበር?» አለችው።

ጄኔራሉ ያን ዝቅ ያለ ድምፁን ፈለገው፤ አላገኘውም። «አልነገርኩትም» አላት። «ፈራሁ።»

ልጅቱ አለቀሰች። አላቀፈችውም። ግን አልሄደችም፤ ወንበር ስባ አጠገቡ ተቀመጠች። ከአጠገባቸው ካለው ክፍል የሌሎቹ ጩኸት ይሰማ ነበር፤ ከምሳ በኋላ ስለነበር እያሸነፉ ነው።

እንግዲህ ፈንታሁን፣ እነዚያ ጄኔራሎች የሚሉትን ያውቁ ይሆናል፤ አያውቁም አልልህም። ዕውቀታቸው የተገኘው ግን መሪው ከሞተ በኋላ ነው። ያንተም ነገር ከዚህ አይርቅም። የማኅበራችሁ ሊቀመንበር ወፍጮ ቤቱን ጎርፍ ከሚወርድበት ሸለቆ ትከሉ ሲል ምክትሉ አንተ ነበርክ። ጎርፉ ወፍጮውንም ዘበኛውንም ይዞ ሄደ። አሁን ሊቀመንበሩ ተሽሯል፤ አንተም «እኔ አውቄ ነበር» እያልክ ሰፈሩን ታዳርሳለህ። ጥፋቱ የእሱ ነው፤ በዚህ አልከራከርህም። ቦታው ሲመረጥ ያጨበጨብከው ግን እኔ ቤት ድረስ ተሰምቷል። ነገ በማኅበሩ ስብሰባ ላይ የዘበኛው ሚስት ትመጣለች። ሊቀመንበሩ ምን እንዳለ እሷም ታውቃለች፤ እሱን አትጠይቅህም። አንተ ያን ቀን ምን አልክ ነው የምትልህ። እስቲ አሁን ለእኔ ንገረኝ፤ ምን አልክ?