የሄድቪግ ሣጥን

በአንድ ወቅት፣ ፈላስፋ ከዳቦ ጋጋሪ በሚበዛባት አንዲት የጀርመን ከተማ፣ ሦስት ሰዎች ለአንድ ቁልፍ ተፎካከሩ።

ከሁለት መቶ ዓመት በፊት፣ በሮማንቲክ ዘመን፣ ስለ ሰው ልጅ ናፍቆት የተጻፈ የታወቀ የፍልስፍና መጽሐፍ ነበር። የጻፈው ኮንራድ ነው ተብሎ ሐውልት ቆሞለታል። እህቱን ሄድቪግን የሚያውቃት አልነበረም።

የቤተ መጻሕፍቱ የጽዳት ሠራተኛ ብሪጊተ፣ ሻግቷል ተብሎ ሊቃጠል ከተጣለ ወረቀት መካከል የመጽሐፉን ረቂቅ አገኘች። ኅዳጉ ላይ የልጅ ሸሚዝ ልክ ተጽፎበታል። «ይህንማ ወንድ አልጻፈውም» አለችና ይዛው ወጣች፤ በአንሶላ መካከል ቅጠል በቅጠል አደረቀችው። ዐሥራ ዘጠኝ ዓመት ለምሁራን ብታሳይ የሚሰማት አላገኘችም። መጥረጊያ የያዘ ሰው ምን ያውቃል?

የሰማቻት ይርገዱ ናት፤ ስለ ኮንራድ ልታጠና ከጎንደር የመጣች የዶክትሬት ተማሪ። አባቷ ብራና ፋቂ ስለነበር፣ የተፋቀ ጽሑፍ በአግድም ብርሃን እንደሚታይ ታውቃለች። የመጀመሪያውን ገጽ ወደ መስኮቱ አዘነበለች። ከኮንራድ ስም ሥር «ሄድቪግ» የሚል የተፋቀ ስም ወጣ። የአራት ዓመት ጥናቷን ጥላ እንደገና ጀመረች።

መምህሯ ፕሮፌሰር ሃርትሙት አርባ ዓመት ስለ ኮንራድ ጽፈዋል። ባልደረቦቻቸው «ተማሪዋን ከፈተና ጣሏትና ይረፉ» አሏቸው። እሳቸው ግን አዳራሹ ሞልቶ ሳለ ተነሥተው «አርባ ዓመት የሌባ ጠበቃ ነበርኩ» አሉ። ምሁር እንዲህ ሲል ስንቴ ሰምታችኋል? እኔ ሌላ አልሰማሁም።

ወሬው ከሄድቪግ ዘር ለተረፉት አሮጊት ለወይዘሮ ኤልፍሪደ ደረሰ። ማንም ያላያቸው ዐሥራ አንድ የሄድቪግ ደብተሮች ያሉበትን ሣጥን አወጡ።

«አንብቦ የሚያሳትመው አንድ ሰው ነው። ለኮሚቴ የተሰጠ ነገር ሲነበብ አላየሁም» አሏቸው፣ ቁልፉን ለጠየቋቸው ለሦስቱ።

«እኔ ይዤው ባልወጣ ምን ታነቢ ነበር፣ ልጄ? አመድ?» አለቻት ብሪጊተ ይርገዱን።

«እትዬ ብሪጊተ፣ አንሶላዎ ውስጥ ቢቀርስ ማን የሄድቪግን ስም ይጠራ ነበር?» አለች ይርገዱ።

«እኔ ዝም ብል ሁለታችሁንም ማን ያምናችሁ ነበር?» አሉ ፕሮፌሰሩ።

ብሪጊተ ሳቀች። «እውነት መናገር ከመቼ ወዲህ ነው የሚያሸልመው?»

«ሽልማት አይደለም። የበደልኳት እኔ ነኝ፤ ዕድሜ ሳለኝ ልካሳት።»

ሣጥኑ መከፈቱ አይቀርም፤ ይህ ብቻውን ደስ ያሰኛል። ወይዘሮ ኤልፍሪደ ግን ቁልፉን በመዳፋቸው ይዘው ሦስቱን ያያሉ። ከእሳት ያዳነችው፣ ስሟን ያነበበችው፣ ክብራቸውን የጣሉላት፤ እናንተ ብትሆኑ ቁልፉን በማን እጅ ታኖሩታላችሁ?