ቤት የተሳሳተው አቤቱታ

አንድ የክር ፋብሪካ ሠራተኞቹን የሚያመላልሰውን ሰርቪስ አውቶቡስ በድንገት አስቀረ። ሠራተኞቹም “አንቺ አፍ አለሽ” ብለው አንዲት ፈታይ ወከሉ። ሴትየዋ ማንንም ሳታማክር አቤቱታ ጽፋ ፍርድ ቤት አስገባችና አራት ወር ተመላለሰች።

በአምስተኛው ቀጠሮ ዳኛው መዝገቡን አገላብጠው፣ “ይህ የወል የሥራ ክርክር ስለሆነ የሚታየው በአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ ቦርድ ነው” አሏት። እሷም ወደዚያው ለመሄድ አቤቱታዋን ከፍርድ ቤቱ ለማንሳት ጠየቀች።

ይሄኔ የፋብሪካው ጠበቃ አቶ ቢተው ከረባታቸውን አስተካክለው ተነሡ።

“ክቡር ፍርድ ቤት፣ እኚህ ሴት የት እንደሚከሰስ እንኳ አያውቁም። ከመሄዳቸው በፊት አላዋቂ መሆናቸውን ይመኑ፤ ጥያቄያቸውም መሠረት እንደሌለው ይፈርሙ።”

ከኋላ የተቀመጡት ጓደኞቿ አንገታቸውን ደፉ። ዳኛው “ምን ይላሉ?” ብለው ጠየቋት።

“አላዋቂነቴንስ አምናለሁ” አለች። “እኔ ክር እንጂ ሕግ ፈትዬ አላውቅም። አዋቂ መስዬ ጓደኞቼን አራት ወር ሙሉ የማይሆን ደጅ አስጠናኋቸው። ጥያቄያችን ግን ቤት ተሳሳተ እንጂ መሠረት አላጣም። እኔን የሚገርሙኝ አቶ ቢተው ናቸው። አሥራ ሁለት ገጽ መልስ ሲጽፉልኝ፣ በየቀጠሮው ሲከራከሩኝ፣ አንድም ቀን ‘ቤቱ ይህ አይደለም’ አላሉኝም። እኔ በነጻ ጠፋሁ፤ እሳቸው ግን አብረውኝ የጠፉት እየተከፈላቸው ነው።”

ዳኛው ሳቃቸውን ዋጥ አድርገው፣ ምንም ሳትፈርም ወደ ቦርዱ እንድትሄድ ፈቀዱላት።